ጭንቀት፦ ከመረጃ ጋጋታ እስከ ሕፃናት ስጋት

ጭንቀት አደጋ ሊመጣ ይችላል ተብሎ በሚታሰብበት ጊዜ አእምሮና አካል ራሳቸውን ለመከላከል የሚያደርጉት ዝግጅት ነው። አደጋው ፊት ለፊት የቆመ ሲሆን ስሜቱ ፍርሃት ይባላል፤ ገና ያልመጣ ወይም ላይመጣ የሚችል ሲሆን ደግሞ ጭንቀት ይባላል። በዚህ ጊዜ አድሬናሊን የተባለው ሆርሞን ወደ ደም ይለቀቃል፤ ልብ ቶሎ ቶሎ ይመታል፣ ትንፋሽ ይፈጥናል፣ ጡንቻ ይወጠራል፣ የምግብ መፈጨት ሂደትም ይታወካል። የእጅ ማላብ፣ የአፍ መድረቅና የሆድ መረበሽ የሚመጡት ከዚህ ዝግጅት የተነሣ ነው።

ዝግጅቱ በራሱ ጉድለት የለበትም። ተማሪ ፈተና ሲቀርብ ደብተሩን የሚያነሣው በመጠኑ ስለሚጨነቅ ነው። በእርግጥ አደጋ ባለበት ቦታ የሚኖር ወይም የታመመ ዘመዱን የሚያስታምም ሰው መጨነቁም ሕመም አይደለም። ጭንቀት የጤና እክል የሚሆነው ምክንያቱ ካለፈ በኋላ የማይለቅ፣ ከምክንያቱ ጋር የማይመጣጠን፣ እንዲሁም ሥራን፣ ትምህርትን፣ እንቅልፍንና ማኅበራዊ ኑሮን የሚያውክ ሲሆን ነው። የዓለም ጤና ድርጅት ባወጣው መረጃ መሠረት እ.ኤ.አ. በ2019 በዓለም ላይ 301 ሚሊዮን ሰዎች ከጭንቀት ሕመም ጋር ይኖሩ ነበር፤ ከእነዚህ ውስጥ 58 ሚሊዮኑ ሕፃናትና ታዳጊዎች ናቸው። ሕክምና የሚያገኙት ከአራት ሰዎች አንዱ ያህል ብቻ መሆናቸውንም ድርጅቱ ይገልጻል።

ለዚህ አንዱ ምክንያት ሕመሙ በስሙ አለመታወቁ ነው። ወደ ጤና ጣቢያ የሚመጣ ሰው «ተጨንቄአለሁ» ብሎ መናገሩ እምብዛም ነው። የሚናገረው ስለ ጨጓራው፣ ስለ ራስ ምታቱ፣ ስለሚያቃጥለው ጀርባው ወይም በድንገት ስለሚደልቀው ልቡ ነው። የልብ ምርመራ ተደርጎለት «ምንም የለብህም» ሲባል እፎይ ከማለት ይልቅ በሽታው ያልተገኘለት እየመሰለው ከአንዱ ተቋም ወደ ሌላው ይዞራል። በሌላ በኩል ሁሉንም ምልክት በጭንቀት ማሳበብም ስሕተት ነው። ከመጠን በላይ የሚሠራ የእንቅርት ዕጢ፣ የደም ማነስና አንዳንድ መድኃኒቶች ተመሳሳይ ምልክት ያሳያሉ። ቡናና ጫትም የልብ ምትን ያፈጥናሉ፣ እንቅልፍን ያውካሉ፤ ጭንቀት ያለበት ሰው በቀን ስንት ስኒ እንደሚጠጣ መቁጠሩ ቀላል የሚመስል ቢሆንም ጠቃሚ ጅምር ነው።

ጭንቀት የሚበረታበት መንገድ

ጭንቀት የጸናበት ሰው ብዙውን ጊዜ ከሁለት ነገሮች አንዱን ያደርጋል። ከሚያስፈራው ነገር ይርቃል፤ አለዚያም ምንም ክፉ ነገር አለመድረሱን ደጋግሞ ያረጋግጣል። ሁለቱም ወዲያውኑ እፎይታ ይሰጣሉ፤ ችግሩ ያለውም በዚሁ እፎይታ ላይ ነው። በስብሰባ ላይ መናገር የሚያስፈራው ሠራተኛ ከስብሰባው ሲቀር ልቡ ይረጋጋል። አእምሮው ግን «የዳንኩት ስለቀረሁ ነው» የሚል ትምህርት ይወስዳል፤ ቢናገር ምንም እንደማይደርስበት የሚያይበትንም ዕድል ያጣል። ስለዚህ ቀጣዩ ስብሰባ ከፊተኛው ይከብዳል። የቤቱ በር መቆለፉን አምስት ጊዜ ተመልሶ ያየ ሰውም ለስድስተኛ ጊዜ የሚመለሰው በዚሁ ምክንያት ነው።

የስልክ መረጃና የሕፃናት ስጋት የማይገናኙ ቢመስሉም የሚበረቱት በዚህ መንገድ ነው፤ መፍትሔያቸውም ከዚሁ ይነሣል።

የመረጃ ጋጋታ

የዓለም ጤና ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2020 መጀመሪያ፣ የኮቪድ-19 ወረርሽኝ በተስፋፋበት ወቅት፣ እውነተኛውና ሐሰተኛው ተደበላልቆ የሚጎርፈው መረጃ ራሱን የቻለ የጤና ችግር መሆኑን አስታውቆ ነበር። ወረርሽኙ ጋብ ቢልም የመረጃው ጎርፍ አልቆመም። ቀድሞ ዜና የሚሰማው ራዲዮ በሚከፈትበት ሰዓት ነበር። ዛሬ በቴሌግራም፣ በፌስቡክና በቲክቶክ ሌሊቱን ሙሉ ይደርሳል፤ አንድ አሳዛኝ ምስልም ከአምስት ሰው ተልኮ አምስት ጊዜ ይታያል። አእምሮ አምስቱን እንደ አንድ አደጋ አይቆጥርም።

በዚህ ረገድ ብዙ ጊዜ የሚጠቀስ አንድ ጥናት አለ። እ.ኤ.አ. በ2013 ኢትዮጵያዊው ሌሊሳ ዴሲሳ ባሸነፈበት የቦስተን ማራቶን ፍንዳታ ደርሶ ነበር። ተመራማሪዎች ከዚያ በኋላ ባሉት ሳምንታት የሰዎችን የጭንቀት መጠን ለክተው በ2014 ባወጡት ውጤት፣ ከፍንዳታው በኋላ በነበረው ሳምንት በቀን ስድስት ሰዓትና ከዚያ በላይ ስለ አደጋው ዜና የተከታተሉ ሰዎች በስፍራው ከነበሩት ሰዎች የበለጠ የጭንቀት ምልክት ማሳየታቸውን አመልክተዋል። ይህ በስፍራው የነበሩት አልተጎዱም ማለት አይደለም። ከሩቅ ሆኖ ሳያቋርጡ መመልከትም ጉዳት እንዳለው ግን ያሳያል።

ዘመዱ በሩቅ ያለ፣ ልጁ ባሕር ማዶ የሄደችበት ወይም የትውልድ አካባቢው ጸጥታ የሚያሳስበው ሰው ዜና አትስማ ቢባል አይቀበልም፤ መቀበልም የለበትም። የሚጠቅመው መረጃን ከማረጋገጥ ልማድ መለየት ነው። ስልኩን ሲያነሣ «አሁን የማገኘው ነገር የማደርገውን ይለውጣል ወይ?» ብሎ ራሱን ይጠይቅ። መልሱ «አይለውጥም» ከሆነ እየፈለገ ያለው እፎይታን እንጂ መረጃን አይደለም። ዜናን በቀን ሁለት ጊዜ፣ በታወቀ ሰዓትና ከታወቀ ምንጭ መከታተል፣ የቡድን መልእክቶችን ድምፅ ማጥፋት፣ ለቤተሰብ የስልክ ጥሪ ብቻ ድምፁን ክፍት ማድረግ ተግባራዊ መንገዶች ናቸው። ስልኩ ከመኝታ ክፍል ውጭ ቻርጅ ቢደረግ ይመረጣል፤ ሰዓት ለማየት ተብሎ ሌሊት የሚነሣ ስልክ ብዙ ጊዜ ሰዓት በማየት አያበቃም። በመጀመሪያዎቹ ቀናት ስልኩን የማንሣት ጉጉት ይጨምራል። ሳይነሣ ሲታለፍ ግን ጉጉቱ ከፍ ብሎ መልሶ ይወርዳል።

የሕፃናት ስጋት

ፍርሃት ከዕድሜ ጋር ይለዋወጣል። ከስምንት ወር ገደማ ጀምሮ ሕፃን ከእናቱ ሲለይ ማልቀሱ የዕድገት ምልክት ነው። ከሦስት እስከ ስድስት ዓመት ጨለማ፣ እንስሳትና ጭራቅ ያስፈሩታል፤ ትምህርት ቤት ሲገባ የወላጅ መታመምና መሞት፣ የፈተና ውጤት ያሳስበዋል፤ በጉርምስና ደግሞ ሰው ስለ እርሱ የሚያስበው ነገር ይከብደዋል። አብዛኞቹ ያለ ሕክምና ያልፋሉ።

ሕፃናት ጭንቀታቸውን በቃል አይገልጹም። እሑድ ማታ የሚጀምር፣ ሰኞ ጠዋት የሚብስና ቅዳሜ የማይታይ የሆድ ቁርጠት ብዙ ይናገራል። አልጋ ላይ መሽናት ትቶ የነበረ ልጅ እንደገና መጀመሩ፣ መነጫነጭ፣ ብቻውን ለመተኛት እምቢ ማለትና አንድን ጥያቄ ደጋግሞ መጠየቅም እንዲሁ።

አንዲት የሁለተኛ ክፍል ተማሪ ጠዋት ጠዋት ሆዷን እያመማት ታለቅሳለች እንበል። እናቷ አዝና ቤት ስታስቀራት ሕመሙ በግማሽ ሰዓት ውስጥ ይጠፋል። ልጅቷ እያታለለች አይደለም፤ ሕመሙም እፎይታውም እውነተኛ ናቸው። ነገር ግን በማግሥቱ መሄድ ይበልጥ ያስቸግራታል፤ ሳምንት የቀረች ልጅ ደግሞ ከትምህርቱም ከጓደኞቿም ስለምትርቅ የምትፈራው ይበዛል። በአንጻሩ እየገረፉ መውሰድ በፍርሃት ላይ ፍርሃት መጨመር ነው።

ከሁሉ በፊት የሚያስፈራ እውነተኛ ነገር መኖር አለመኖሩ መጣራት አለበት። በልጅቷ ላይ የሚያሾፉ ወይም የሚመቱ ልጆች፣ የሚገርፍ መምህር፣ በመንገድ የሚተናኮላት ሰው፣ በሩ የማይዘጋ መፀዳጃ ቤት፣ ሰሌዳ ለማንበብ የማይችል ዐይን ሊኖር ይችላል። እነዚህን ልጁ እንዲለምዳቸው ማድረግ ሳይሆን ማስወገድ ይገባል። በትምህርት ቤት የሚፈጸም የአካል ቅጣት በኢፌዴሪ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 36 የተከለከለ መሆኑን ወላጆች ሊያውቁት ይገባል።

እንዲህ ያለ ምክንያት ከሌለ መንገዱ በደረጃ መመለስ ነው። ከመምህሯ ጋር በመነጋገር በመጀመሪያው ቀን እናት እስከ ክፍሉ በር ትሸኛታለች፤ ከቀናት በኋላ እስከ ግቢው በር፤ በኋላም እስከ መንገዱ መታጠፊያ። እያንዳንዱ ደረጃ ልጅቷ ትንሽ የምትፈራው ግን የምትችለው መሆን አለበት፤ ወደሚቀጥለው የሚታለፈውም ለቅሶው ሲቀንስ ነው። ዓይኗን ጠብቆ ተደብቆ መሄድ ለዚያች ጠዋት ይቀልል ይሆናል፤ ልጅቷን ግን ዘወር ባለች ቁጥር እናቷ እንደምትጠፋ ያስተምራታል። «ትመጫለሽ አይደል?» የሚለው ጥያቄ አሥር ጊዜ ቢመጣ አሥር ጊዜ መማል አያስፈልግም። «ዘጠኝ ሰዓት ተኩል ላይ በሩ ላይ ታገኚኛለሽ» ብሎ አንድ ጊዜ መመለስና በተባለው ሰዓት መገኘት ይበቃል።

በብዙ ቤቶች ልጅን ለማስታገሥ «ጅቡ ይመጣልሃል»፣ «ለሐኪሙ ነግሬ መርፌ አስወጋሃለሁ»፣ «ጥዬህ እሄዳለሁ» ማለት የተለመደ ነው። ለጊዜው ዝም ያሰኛል። በመርፌ ሲፈራ ያደገ ልጅ ግን ክትባት ወይም ሕክምና ባስፈለገው ጊዜ የጤና ባለሙያውን የሚያየው እንደ ቅጣት ነው።

የ12ኛ ክፍል ብሔራዊ ፈተና በ2015 ዓ.ም. ተማሪዎች ወደ ዩኒቨርሲቲ ግቢ እየገቡ መፈተን ከጀመሩ ወዲህ፣ ለብዙ ታዳጊዎች የፈተናው ሳምንት ከቤት የሚለዩበት የመጀመሪያ ጊዜም ሆኗል። ከፈተናው በፊት ባሉት ወራት አንድ ሁለት ሌሊት ዘመድ ቤት ማደር፣ በሰዓት ተለክቶ የቀድሞ ጥያቄዎችን መሥራትና በቂ እንቅልፍ መተኛት ከምክር ሁሉ የበለጠ ይረዳሉ። ለዚህ ዕድሜ ከስምንት እስከ አሥር ሰዓት እንቅልፍ ይመከራል። የጎረቤትን ልጅ ውጤት እየጠቀሱ ማነጻጸር ደግሞ አያነቃቃም።

ወላጆች ዜና በሚከታተሉበት ክፍል ውስጥ የሚጫወት ሕፃን አይሰማም ተብሎ መታሰብ የለበትም። የሰማውን ግማሽ ወሬ በራሱ ምናብ ይሞላዋል፤ ስለዚህ ምን እንደሰማ ጠይቆ ለዕድሜው በሚመጥን ቃል እውነቱን መንገር ይሻላል።

ወደ ጤና ተቋም መሄድ የሚያስፈልገው መቼ ነው?

ጭንቀቱ ለሳምንታት የዘለቀ፣ ሥራ ወይም ትምህርት ያስቀረ፣ እንቅልፍና ምግብ የከለከለ ከሆነ መታየት ያስፈልጋል። ሕይወትን የማጥፋት ሐሳብ ከመጣ ቀጠሮ መጠበቅ አይገባም፤ ሰውየው ለብቻው ሳይተው በዚያው ቀን በአቅራቢያው ወዳለ ሆስፒታል መወሰድ አለበት። አገልግሎቱ የሚገኘው በአዲስ አበባ በሚገኘው አማኑኤል የአእምሮ ሆስፒታል ብቻ ነው የሚለው ግምት ትክክል አይደለም። ሌሎች ሆስፒታሎችም የአእምሮ ሕክምና ክፍል አላቸው፤ ሥልጠና የወሰዱ ባለሙያዎች ያሉባቸው ጤና ጣቢያዎችም የመጀመሪያውን ምርመራ አድርገው ካስፈለገ ሪፈር ይጽፋሉ።

ሕክምናው የአስተሳሰብና የባህርይ ሕክምና የሚባለው የንግግር ሕክምና፣ መድኃኒት ወይም ሁለቱም ሊሆን ይችላል። እንደ ፍሉኦክሰቲን ያሉት መድኃኒቶች ውጤታቸው የሚታየው ከሳምንታት በኋላ ስለሆነ በአሥረኛው ቀን «አልሠራልኝም» ብሎ ማቋረጥ አይገባም። ዲያዜፓም ግን ወዲያው ስለሚያረጋጋ ከጎረቤት ተውሶ ወይም ያለ ሐኪም ትዕዛዝ ገዝቶ የሚወስደው ብዙ ነው፤ መድኃኒቱ ሱስ ያስይዛል፣ ለረጅም ጊዜ ከተወሰደ በኋላ በድንገት ማቆሙም አደገኛ ነው። አረቄና ሌሎች የአልኮል መጠጦችም ለሰዓታት አስታግሠው በማግሥቱ ጭንቀቱን ያብሱታል። ጸሎትና ፀበል ለብዙ ሰው ብርታት ናቸው፤ ከሕክምና ጎን ለጎን ሊሄዱ ስለሚችሉ መድኃኒት ማቋረጥን አይጠይቁም።

ልጃቸውን ይዘው የሚመጡ ወላጆች ከቀጠሮው በፊት ባሉት ሁለት ሳምንታት ስጋቱ በየትኛው ቀንና ሰዓት እንደታየ፣ ከዚያ በፊት ምን እንደነበረ፣ ለምን ያህል ደቂቃ እንደቆየና ቤተሰቡ ምን እንዳደረገ በማስታወሻ ደብተር ቢይዙ፣ ባለሙያው በመጀመሪያው ቀን ሥራውን ከዚያ ማስታወሻ ሊጀምር ይችላል።