አንድ ማሰሪያ፣ ሁለት ነገር

ከቢቸና ብዙ ሳይርቅ የሚገኘው ዲማ ጊዮርጊስ ስሙ የገነነው በቅኔ ጉባኤው ነው። ሐዲስ ዓለማየሁ በልጅነታቸው ከተማሩባቸው ደብሮች አንዱ ነው፤ በ1958 ዓ.ም. የታተመው ልብ ወለዳቸው «ፍቅር እስከ መቃብር»ም ብዙው ታሪኩ የሚፈጸመው ዲማ ላይ ነው። በሰሜን በኩል ደግሞ ከጎንደር ወገን ዓባይን በሰባራ ድልድይ የተሻገረውን መንገደኛ የምትቀበለው ሞጣ ናት። አኮፋዳውን አንግቶ በዚህ አገር የሚዞረው ቆሎ ተማሪ ቤት መምታትን ብቻ አልነበረም የሚማረው። ሰው ሲናገር በእርግጥ የተባለው ነገር ምንድን ነው የሚለውን ጥያቄም ይማር ነበር።

ጥያቄው በሌላውም ዓለም ዕድሜ ጠገብ ነው። አርስቶትል ንግግር ሁሉ እውነት ወይም ሐሰት እንደማይባል፣ ጸሎትም ከሁለቱ እንደማይመደብ ጽፏል። ኢስጦኢኮች የተባሉት የግሪክ ፈላስፎች ድምፁን ከተባለው ነገር ለዩ፤ ግሪክኛ የማያውቅ ሰው ድምፁን ይሰማል፣ የተባለው ግን አይገባውም አሉ። ጀርመናዊው ጎትሎብ ፍሬገም በ1918 እ.ኤ.አ. እውነት ወይም ሐሰት የሚሆነው ቃሉ የተሸከመው ሐሳብ ነው ብሎ ተከራከረ።

ቅኔ ቤት ከዚህ አንድ እርምጃ ያልፋል። ግእዝ አጥርቶ የሚያውቅ ሰው እንኳ ላይ ላዩን ትርጉም፣ ሰሙን፣ ሰምቶ የተሰወረውን፣ ወርቁን፣ ሊስት ይችላል።

በአማርኛ «የክርስቶስ ፀሐይ ከመቃብር ተራራ ወጣ» ቢባል ባለቤቱ ሁለት፣ ማሰሪያው (ግሡ) አንድ ነው። ሰሙ ፀሐይ ከተራራ ወጣ ይላል፤ ወርቁ ክርስቶስ ከመቃብር ተነሣ። ይህ በእኩለ ሌሊት ቢነገር ሰሙ ሐሰት ይሆናል፤ የወርቁ እውነትነት ግን በአማኙ ዘንድ አይነካም።

አንዱ ትውፊት የጥበቡን ጅማሬ ለዮሐንስ ገብላዊና ለጎንጁ ተዋነይ ይሰጣል። ተማሪው ግስና አገባብ ያጠናል፣ ብቻውን ተቀምጦ ቅኔ ይቆጥራል፣ ከዚያም ለመምህሩ ይነግራል። ከባለ ሁለት ቤቱ ጉባኤ ቃና ተነሥቶ ባለ ስምንት ቤቱ መወድስ እስኪደርስ፣ ማሰሪያው ለሰሙ ተስማምቶ ለወርቁ ካልሆነ መምህሩ ያርሙታል።

አሜሪካዊው ዶናልድ ሌቪን በ1965 እ.ኤ.አ. ባሳተመው መጽሐፍ ሰምና ወርቅን የተመለከተው ከማኅበረሰብ ጠባይ አንጻር ነው። ክላውድ ሰምነርም በ1970ዎቹና በ1980ዎቹ መጀመሪያ እ.ኤ.አ. ስለ ኢትዮጵያ ፍልስፍና አምስት ቅጽ ሲያዘጋጅ ትኩረቱ በተተረጎሙ የጥበብ መጻሕፍትና በዘርዐ ያዕቆብ ሐተታ ላይ ነበር። የዲማና የሞጣ አገር ጉባኤ በሎጂክ ታሪክም ቦታ ሊሰጠው ይገባል፤ አንድ ዓረፍተ ነገር ስንት ነገር መናገር እንደሚችል ተማሪውን በየቀኑ ሲፈትን ኖሯልና።