ያልተቆጠረ ሕመም፦ የማሕፀን መውጣት በበሽታ ምደባ ታሪክና በመተማ ቆላ



የመተማ ስም ሲነሣ የታሪክ ተማሪ ሁሉ አስቀድሞ የሚያስታውሰው መጋቢት 1881 ዓ.ም.ን፣ ዐፄ ዮሐንስ አራተኛ ከመሐዲስቶች ጋር ሲዋጉ ቆስለው የወደቁበትን ጦርነት ነው። እኔ ዛሬ የማነሣው ግን ዜና መዋዕል ያልተጻፈለትን፣ የጤና መዝገብም በቅጡ ያልያዘውን የሴቶች ሕመም፣ የማሕፀን መውጣትን ነው። ጥያቄዬ አንድ ነው፦ አንድ ሕመም በመንግሥት ዘንድ «አለ» የሚባለው መቼ ነው?

ታሪኩ ከሩቅ ይጀምራል። ፈረንሳዊው የስታቲስቲክስ ሊቅ ዣክ በርቲዮን እ.ኤ.አ. በ1893 ቺካጎ ላይ ለዓለም አቀፉ የስታቲስቲክስ ተቋም ያቀረበው ሰንጠረዥ የሞት ምክንያቶች ዝርዝር ነበር። ማሕፀን መውጣት ደግሞ አብዛኛውን ጊዜ አይገድልም፤ የታመመችው ሴት ውሃ ትቀዳለች፣ እንጨት ትሸከማለች፣ ታርማለች። ሙታንን ብቻ የሚቆጥር መዝገብ እንዲህ ያለችውን ሴት ሊያያት አይችልም። የማይገድሉ ሕመሞችም በዝርዝሩ ውስጥ ሥርዓት ባለው መንገድ የገቡት የዓለም ጤና ድርጅት ኃላፊነቱን ተረክቦ እ.ኤ.አ. በ1948 ስድስተኛውን ክለሳ ሲያወጣ ነው።

እ.ኤ.አ. በ1990 የጸደቀው ዐሥረኛው ክለሳ ለዚህ ሕመም ኤን 81 የሚል መለያ ሰጠው። በሥሩም ደረጃ አለው፦ ኤን 81.2 በከፊል የወጣ፣ ኤን 81.3 ሙሉ በሙሉ የወጣ፣ ኤን 81.4 ደግሞ ደረጃው ያልተገለጸ። ቀጥሎ ያለው ኤን 82 ፊስቱላ ነው። ሁለቱ በሰንጠረዡ ጎረቤታሞች ቢሆኑም በታሪክ ዕጣቸው ለየቅል ነው። ፊስቱላ እ.ኤ.አ. በ1959 ወደ አገራችን በመጡት በዶክተር ካትሪንና በዶክተር ሬጂናልድ ሃምሊን ጥረት የራሱን ሆስፒታል፣ የራሱን ሐኪሞችና የዓለምን ጆሮ አገኘ። በተጠቂዎች ብዛት እጅግ የሚበልጠው የማሕፀን መውጣት ግን በዝምታ ተሸፍኖ ቆየ።

የዝምታውን ስፋት ከዳባት ወረዳ እንማራለን። እ.ኤ.አ. በ2013 በታተመ ጥናት፣ ሴቶቹ ሲጠየቁ ሕመሙ እንዳለባቸው የተናገሩት ከዐሥር አንድ እንኳ አይሞሉም ነበር፤ በአካል ከተመረመሩት ውስጥ ግን ከግማሽ በላይ በሆኑት ላይ ሁለተኛ ወይም ከዚያ በላይ የሆነ ደረጃ ታየ። ሁሉም ሕክምና ያስፈልጋቸዋል ማለት አይደለም፤ ቀላሉ ደረጃ ብዙ ጊዜ ምልክት የለውም። ሆኖም በመጠየቅና በመመርመር መካከል ያለውን ርቀት ያሳየናል።

አሁን ወደ መተማ እንውረድ። እ.ኤ.አ. በ2003 በተጀመረው የሰፈራ ፕሮግራም ብዙ ቤተሰብ ከደጋ ወደ መተማና ወደ ቋራ ወርዷል። በደጋ ወልዳ በቆላ የምትታመም፣ በሰሊጥ እርሻ ጎንበስ ብላ የምትውል ሴት ወደ ጤና ጣቢያ መጥታ «ወገቤን ይቆርጠኛል፣ ወደ ታች ይከብደኛል» ብትል ምን ይሆናል እንበል? ተረኛው ወንድ ነው፤ መጋረጃ የለም፤ ወረፋው ረጅም ነው። ሳትመረመር ከወጣች በመዝገቡ የሚሰፍረው የወገብ ሕመም፣ ኤም 54 ነው። በወሩ መጨረሻ ሪፖርቱ ወደ ገንዳ ውሃ ሲላክ የማሕፀን መውጣት ዜሮ ይሆናል። ዜሮ ለተጻፈበት ሕመም ፔሳሪ የሚገዛ፣ የቀዶ ሕክምና ቡድን የሚልክ ዕቅድ አውጪ የለም። በዚያው ቆላ ካላዛር በጉልህ የሚታየው ስለሚገድል፣ ስለሚመረመርና ስለሚቆጠር ነው።

ተመርምራም ቢሆን ሁሉም ወደ ኤን 81.4 ከተጣለ፣ ፔሳሪ የሚበቃትን ወደ ጎንደር ተልካ መታከም ከሚገባት መለየት አይቻልም። ሌላም አለ፤ ማሕፀኗ በቀዶ ሕክምና ከወጣ በኋላ የብልቷ የላይኛው ክፍል ቢወርድባት መለያዋ ኤን 99.3 ይሆናል። ኤን 81ን ብቻ የሚያነብ ሰው ሕክምናው የት ላይ እንዳልጸና አያውቅም።

«ኮድ መቼ ያድናል?» የሚለኝ አይጠፋም። እውነት ነው፤ ኮድ አያድንም። ከምርመራው የተሻለ ኮድም አይኖርም። ስለዚህ የመዝገቡ እርማት የሚጀምረው ከኮምፒዩተሩ ሳይሆን ከመጋረጃው፣ ከሴት አዋላጇና «የሚወርድብሽ ነገር አለ ወይ?» ብሎ በግልጽ ከመጠየቅ ነው።

የታሪክ ተማሪዎች ሆይ፤ ነገ የእነዚህን ዓመታት የጤና ሪፖርት በቤተ መዛግብት ስታገኙ ዜሮውን እንደ ጤንነት አታንብቡት። ማን ጠየቀ፣ ማን መረመረ፣ ማን ጻፈ ብላችሁ መርምሩ። የጤና ተማሪዎች ደግሞ ያንን ዜሮ የምትጽፉት እናንተ እንደምትሆኑ አስቡ።