ከሽቦ ወደ ፋይል፦ ማተሚያ መሣሪያ ስለ ራሱ ሁኔታ የተናገረበት ታሪክ

ኮምፒዩተር ለማተሚያ መሣሪያ ስለሚሰጠው ትእዛዝ ብዙ ተጽፏል። ማተሚያው መልሶ ለኮምፒዩተሩ የሚናገረው፣ ይኸውም ወረቀት አልቆብኛል፣ ክዳኔ ተከፍቷል፣ ሥራ ላይ ነኝ የሚለው መልእክት ግን እምብዛም ጸሐፊ አላገኘም። ነገሩ ትንሽ መስሎ ይታያል። ሆኖም ይህን መልእክት የሚሰማው ማን ነው? ሰምቶስ ለማን ይነግራል? ለመስማት ሲባልስ ምን ያህል ሥልጣን ይሰጠዋል? እነዚህ ጥያቄዎች በአምሳ ዓመት ውስጥ የሶፍትዌርን ባለቤትነትና የኮምፒዩተርን ደኅንነት እስከ መንካት ደርሰዋል። (በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

መጀመሪያ ላይ መልእክቱ ከአንድ ሽቦ የበለጠ ነገር አልነበረም። ሴንትሮኒክስ የተባለው የአሜሪካ ኩባንያ ሞዴል 101 የተሰኘውን ማተሚያ በ1970 ለገበያ ሲያቀርብ፣ ማተሚያውን ከኮምፒዩተር ጋር የሚያገናኘውን ገመድ የነደፉት አን ዋንግ፣ ሮበርት ሃዋርድና ፕረንቲስ ሮቢንሰን ነበሩ። ባለ 36 እግሩ ማገናኛ የተመረጠበት ምክንያት መሐንዲሶችን ፈገግ ያሰኛል፤ የዋንግ ኩባንያ ለሒሳብ መኪናዎቹ ከገዛቸው ማገናኛዎች 20,000 ያህል ተርፈውት ስለነበር ነው። ለሩብ ምዕተ ዓመት ያህል ዓለም የተገለገለበት መስፈርት ከመጋዘን በተረፈ ዕቃ ተጀመረ ማለት ነው። ከሽቦዎቹ ስምንቱ ፊደሉን ያደርሳሉ። ከቀሩት መካከል አንዱ «ሥራ ይዣለሁ»፣ አንዱ «ተቀብያለሁ»፣ አንዱ «ወረቀት የለኝም»፣ አንዱ «ተመርጫለሁ»፣ አንዱ ደግሞ «ብልሽት አለ» የሚሉ ነበሩ። በሽቦው ላይ 5 ቮልት አለ ወይም የለም፤ ከዚህ ሌላ ትርጓሜ አያሻውም።

አይ.ቢ.ኤም. በ1981 የግል ኮምፒዩተሩን ሲያወጣ እነዚህን አምስት ምልክቶች በአንድ ሬጂስተር ሰበሰባቸው። ፕሮግራም ጸሐፊው አንዲት ባይት አንብቦ የማተሚያውን ሁኔታ ያውቅ ነበር። ኩባንያው የመሠረታዊ ፕሮግራሙን ዝርዝር በቴክኒክ መምሪያው ውስጥ አትሞ ስለነበር ዕውቀቱ ከማንም የተሰወረ አልነበረም። ጉድለቱ ግን ግልጽ ነው፤ የብልሽት ሽቦው ብልሽት መኖሩን እንጂ የብልሽቱን ዓይነት ሊናገር አይችልም።

በትልልቆቹ ኮምፒዩተሮች ዘንድ ነገሩ ቀደም ብሎ ሌላ መልክ ይዞ ነበር። በማሳቹሴትስ የቴክኖሎጂ ተቋም የሰው ሠራሽ አስተውሎት ላቦራቶሪ የነበረው አሮጌ የዜሮክስ ማተሚያ ወረቀት እየቀረቀረ ያስቸግር ነበር። በላቦራቶሪው ይሠሩ የነበሩት ሪቻርድ ስቶልማን መሣሪያውን መጠገን ባይችሉም የሚያሠራው ፕሮግራም ምንጭ ኮድ በእጃቸው ስለነበር ለችግሩ ብልሃት አበጁ። ኮምፒዩተሩ ማተሚያውን በየጊዜው እንዲመረምር፣ ወረቀት ሲቀረቀርም ተራ ለሚጠብቁት ሰዎች ሁሉ መልእክት እንዲልክ አደረጉ። ከሚጠብቁት አንዱ ተነሥቶ ያስተካክለዋል፤ ሥራው ይቀጥላል። ማንም ሳያውቅ መሣሪያው ቆሞ መዋሉ ቀረ።

በ1980 ግድም ዜሮክስ ለላቦራቶሪው አዲስና ፈጣን የሌዘር ማተሚያ በስጦታ ሰጠ። ወረቀት መቀርቀሩ ግን ይህንንም አልተወውም። ስቶልማን የቀድሞውን ብልሃት ሊደግሙ ቢያስቡ የመጣው ፕሮግራም ማሽን ብቻ በሚያነበው መልክ እንጂ ከምንጭ ኮዱ ጋር አልነበረም። ምንጭ ኮዱ በካርኔጊ ሜለን ዩኒቨርሲቲ በአንድ ተመራማሪ እጅ እንዳለ ሰምተው ቢጠይቁም፣ ሰውየው ምስጢር ለመጠበቅ ውል ፈርሜአለሁ ብለው ከለከሏቸው። ስቶልማን ይህን ገጠመኝ በኋላ ደጋግመው አውስተውታል። መስከረም 27 ቀን 1983 ማንም ሊያነበውና ሊያሻሽለው የሚችል የኮምፒዩተር ሥርዓት፣ ግኑ የተባለውን፣ እንደሚጽፉ አስታወቁ። ለዚህ ዕቅድ ማተሚያው ብቻ ምክንያት ሆነ ማለት ታሪኩን ማጥበብ ይሆናል፤ የላቦራቶሪው ባልደረቦች ሲምቦሊክስ ወደተባለ ኩባንያ እየተቀጠሩ መበተናቸው ምናልባት የበለጠ ሳይመዝን አልቀረም። ሆኖም «ወረቀት ተቀርቅሯል» የሚለውን ቃል መስማት የተከለከለ ሰው ምን ሊያስብ እንደሚችል ታሪኩ ያሳያል።

ሒውሌት ፓካርድ ሌዘርጄትን ያወጣው በ1984 ነው። የእነዚያ ዓመታት ሌዘርጄቶች ባለቤቱን የሚያነጋግሩት በግንባራቸው ባለች ጠባብ መስኮት ነበር። ከመልእክቶቹ ሁሉ የታወቀው «ፒ.ሲ. ሎድ ሌተር» የሚለው ነው። ብዙ ሰው ፒ.ሲ. የተባለውን ኮምፒዩተር መስሎት ተደናግሯል፤ ትርጉሙ ግን በወረቀት ሣጥኑ ውስጥ ሌተር የተባለውን የአሜሪካ ልክ ወረቀት ጨምር ማለት ነበር። ኤ4 ወረቀት በሚሠራበት እንደ እኛ ባለ አገር፣ ሣጥኑ በወረቀት ተሞልቶ ሳለ ማተሚያው ወረቀት አምጡ እያለ የሚቆምበት ምክንያት እስከ ዛሬም ብዙውን ጊዜ ይኸው ነው፤ ሰነዱ በሌተር ልክ ተዘጋጅቶ ይገኛል።

ማተሚያው በመስኮቱ የሚጽፈውን ለኮምፒዩተሩም እንዲያደርስ ያስቻለው በ1990ዎቹ መጀመሪያ የተስፋፋው ፒ.ጄ.ኤል. የተባለ የሒውሌት ፓካርድ ቋንቋ ነው። ኮምፒዩተሩ ስለ ሁኔታው ሲጠይቅ ማተሚያው ቁጥር ይመልሳል፤ 10001 ካለ ዝግጁ ነው። ይሁን እንጂ መልሱ በየት በኩል ይመለስ? የአይ.ቢ.ኤም. ገመድ ለደርሶ መልስ የታሰበ አልነበረም። መሐንዲሶች ያገኙት መላ የሚደነቅ ነው። ከአምስቱ የሁኔታ ሽቦዎች አራቱን ወስደው፣ አንዱን ባይት ለሁለት ከፍለው በየተራ አራት አራት ቢት አሳለፉባቸው። «ወረቀት የለኝም» ለማለት የተዘረጋው ሽቦ ሙሉ ዓረፍተ ነገር ማጓጓዝ ጀመረ። ይህ ዘዴ ከሌሎች ፈጣን ዘዴዎች ጋር በ1994 በጸደቀው አይ ትሪፕል ኢ 1284 መስፈርት ውስጥ ተካተተ።

አሁን ደግሞ የሚመለሰውን ቃል የሚተረጉም ያስፈልግ ነበር። ይህም ሥራ በዊንዶውስ ሥርዓት ለላይብረሪ ፋይሎች ተሰጠ። ላይብረሪ ፋይል ብቻውን የሚሠራ ፕሮግራም አይደለም፤ ሌላ ፕሮግራም ሲፈልገው ወደ ማኅደረ ትውስታ የሚጠራው የሥራዎች ስብስብ ነው፤ በዊንዶውስ ዲ.ኤል.ኤል. ይባላል። የኅትመት ሥራዎችን ተራ የሚያስይዘው ስፑለር ሁለት ዓይነት ፋይሎችን ይጠራል። ፖርት ሞኒተር የሚባለው ከገመዱ ወይም ከኔትወርኩ ጋር ይነጋገራል። ከሱ በላይ ያለው ላንጉዊጅ ሞኒተር የማተሚያውን ቋንቋ ያውቃል፤ ጥያቄ ይልካል፣ መልሱን ተቀብሎ «ቶነር አንሷል» ወይም «ክዳን ተከፍቷል» በሚለው የዊንዶውስ ምልክት ይመነዝረዋል። ማይክሮሶፍት ለፒ.ጄ.ኤል. የሚያገለግለውን ፒ.ጄ.ኤል.ሞን የተባለ ፋይል ራሱ ከሥርዓቱ ጋር ያከፋፍል ነበር። ሌሎች አምራቾችም ለየሞዴላቸው የየራሳቸውን ጻፉ፤ በምንጭ ኮድ መልክ ግን አልሰጧቸውም። በዚህም የተነሣ አንድ ማተሚያ ስለ ራሱ የሚናገረውን ለመረዳት የአምራቹን ፋይል ከአምራቹ መቀበል ግድ ሆነ፤ ስቶልማንን ያስቆጣው ሁኔታ የዕለት ተዕለት አሠራር ሆኖ ተመለሰ።

በኔትወርክ በኩል ግልጽ ስምምነት ለመፍጠር የተደረገው ሙከራ ፍሬ አላጣም። በ1993 የታተመው አር.ኤፍ.ሲ. 1514 የማተሚያን ሁኔታ በአምስት ቁጥሮች ወሰነ፤ ከአምስቱ ሁለቱ «ሌላ» እና «አይታወቅም» የሚሉ መሆናቸው የኮሚቴ ሥራ መሆኑን ይመሰክራል። በ1995 የወጣው አር.ኤፍ.ሲ. 1759 ዝርዝሩን ሲያሰፋ፣ የቀለም መጠን ተጠይቆ ማተሚያው -3 ቢመልስ ትርጉሙ «ጥቂት አለ፤ ስንት እንደሆነ ግን አላውቅም» ነው አለ። በዊንዶውስ የኔትወርክ ፖርት ሞኒተር በዚህ መንገድ ጠይቆ መልስ ካጣ ማተሚያውን ከመስመር ውጭ ነው ብሎ ይመዘግበዋል፤ ማተሚያው በደኅና እየሠራ ሳለ። የዚህን ነገር መነሻ ሳያውቁ ገመድ ሲቀይሩ የዋሉ ባለሙያዎች ጥቂቶች አይደሉም።

ከባዱ ዕዳ ግን ሌላ ነበር። ስፑለሩ የሚሠራው በኮምፒዩተሩ ላይ ከፍተኛ በሆነው፣ ሲስተም በተባለው ሥልጣን ነው። ስፑለሩ የሚጠራው ላይብረሪ ፋይል ሁሉ ያንኑ ሥልጣን ይወርሳል። ወረቀት መኖር አለመኖሩን እንዲጠይቅ የተጠራ ፋይል የማሽኑን ማናቸውንም ክፍል ሊከፍት ይችላል፤ አንድ ጊዜ ከተመዘገበም ኮምፒዩተሩ በተነሣ ቁጥር አብሮ ይነሣል። ሰርጎ ገቦች ይህን በር ለመጠቀም አልዘገዩም። በ2010 የተገኘው ስተክስኔት ከተዛመተባቸው መንገዶች አንዱ የስፑለሩ ስሕተት ነበር። በ2020 የተደፈነው ሌላ ቀዳዳ የማተሚያ ፖርት በፋይል ስም እንዲሰየም በመፍቀዱ፣ ተራ ተጠቃሚ ሊነካው ወደማይገባ ቦታ እንዲጽፍ ያስችል ነበር። በ2021 ክረምት ይፋ የሆነው፣ ፕሪንት ናይትሜር የሚል ስም የወጣለት ደግሞ ከሩቅ ያለ ሰው የማተሚያ ድራይቨር ነው ብሎ የራሱን ፋይል በስፑለሩ እንዲያስጠራ የሚፈቅድ ሆኖ ተገኘ። ማይክሮሶፍት ሐምሌ 6 ቀን 2021 ከመደበኛው ቀን ውጭ ማስተካከያ ለማውጣት ተገደደ፤ በተከታዩ ወርም ድራይቨር መጫንን ለአስተዳዳሪ ብቻ ወሰነ። ጥፋቱን ሁሉ በአንድ ኩባንያ ላይ መደፍደፍ ግን ፍርደ ገምድልነት ነው። ውሳኔው የተወሰነው ማተሚያና ኮምፒዩተር በአንድ ጠረጴዛ ላይ ይውሉ በነበረበት ዘመን ነበር።

መፍትሔው የመጣው አስተርጓሚውን በማሻሻል ሳይሆን በማስቀረት ነው። በ1999 የታተመው አይ.ፒ.ፒ. የተባለው ስምምነት ማተሚያው ራሱ ለሁሉም በሚገባ ቃል እንዲናገር ጠየቀ፤ ሥራ ፈትቻለሁ፣ እየሠራሁ ነው፣ ቆሜአለሁ፤ ምክንያቱንም ወረቀት ተቀርቅሮ እንደሆነ ወይም ቶነር አንሶ እንደሆነ ይጨምርበታል። በዚያው ዓመት የወጣውና ምንጭ ኮዱ ለሁሉም የተከፈተው ከፕስ በዚህ ስምምነት ላይ ተመሠረተ። ማይክሮሶፍትም በመስከረም 2023 ለአምራቾች ድራይቨሮች የሚሰጠውን አገልግሎት ደረጃ በደረጃ እንደሚያቆም አስታወቀ። በ2024 በወጣው የዊንዶውስ 11 እትም ላይ የአምራቾችን ፋይል ጨርሶ የማይጠራ የኅትመት ዘዴ ጨመረ፤ ተጠቃሚው ወይም ድርጅቱ ካልመረጠው በቀር ግን ዘዴው ሥራ ላይ አይውልም። አይ.ፒ.ፒ.ን የማያውቁ አሮጌ ማተሚያዎች በዚህ ዘዴ ስለማይሠሩ፣ እነርሱን ይዞ የቆየ መሥሪያ ቤት የቀድሞውን ስፑለርና የቀድሞዎቹን ፋይሎች እንደያዘ ይቀጥላል።