ፓምፑ፣ ትራክተሩና የሰው እጅ በፋውና በገዳሪፍ

ለዚህ የኢዮቤልዩ መጽሔት ጽሑፍ እንድናዋጣ ስንጠየቅ መጀመሪያ ያሰብነው የማኅበሩን ታሪክ ለመጻፍ ነበር። ይሁንና ያንን ነባሮቹ አባላት ከእኛ የተሻለ ያውቁታል። እኛ ባለ ሱቆች የምናየው ሌላ ነው፦ ሰው በየትኛው ወር ገንዘብ እንደሚይዝ፣ በየትኛው ወር በዱቤ እንደሚወስድ። ልጆቻችን ደግሞ «ለምን ፋው ላይ ተገኘን?» እያሉ ይጠይቁናል። ጦርነትና ረሃብ አመጣን ብለን ስንመልስ ኖረናል፤ እውነትም ነው። ነገር ግን ጦርነትና ረሃብ ሰውን ከቤቱ ያስወጡታል እንጂ የሚያርፍበትን ቦታ አይመርጡለትም። ወደዚህ ሜዳ የጠራን ማሽን ነው። እንዴት እንደሆነ እንጽፋለን፤ ዓመቶቹ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር መሆናቸውን አንባቢ ይወቅልን።

ነገሩ የሚጀምረው ከዚህ እጅግ ርቆ፣ በእንግሊዝ አገር ነው። በ18ኛው መቶ ዘመን መጨረሻ ላንካሻየር በሚባለው አውራጃ ጥጥ የሚፈትሉና የሚሸምኑ ማሽኖች ተስፋፉ፤ መጀመሪያ በውኃ፣ ኋላም በእንፋሎት ኃይል የሚዞሩ። በቤቱ ተቀምጦ የሚፈትለውና የሚሸምነው ሰው እየቆየ ከሥራ ወጣ። ከ1811 ጀምሮ ሌሊት እየገቡ ማሽን የሚሰብሩ ሠራተኞች ተነሡ። ስለ ሀብት የሚጽፉ ሊቃውንትም ይህን አይተው ሐሳባቸውን መመርመር ግድ ሆነባቸው። ዴቪድ ሪካርዶ የተባለው ስመ ጥር የምጣኔ ሀብት ጸሐፊ መጀመሪያ ማሽን ሁሉንም ይጠቅማል ብሎ ያምን ነበር። በ1821 መጽሐፉን ለሦስተኛ ጊዜ ሲያሳትም ግን ስለ ማሽን አዲስ ምዕራፍ ጨምሮ፣ ማሽን ለባለቤቱ ትርፍ እያስገኘ ሠራተኛውን ሊጎዳ እንደሚችል ጻፈ። ቀድሞ ያለውን በአደባባይ የሚያርም ሊቅ ጥቂት ስለሆነ እናመሰግነዋለን።

የላንካሻየር ማሽን ጥጥ ይበላል፤ ጥጥ ደግሞ በእንግሊዝ አይበቅልም። እንግሊዞች ሱዳንን በሚገዙበት ዘመን በ1925 የሴናርን ግድብ ጨርሰው የጀዚራን ሜዳ በዓባይ ውኃ ጥጥ ያለሙት ለዚህ ነው። ባቡሩም በከሰላ በኩል መጥቶ በ1928 ገዳሪፍ ገባ፤ በዓመቱ ሴናር ደረሰ። ከዚያ በፊት በገዳሪፍና በገላባት የነበረው ንግድ በግመልና በአህያ ነበር። ማሽላና ሰሊጥ በባቡር ፖርት ሱዳን መድረስ ሲችል የገዳሪፍ ጥቁር አፈር ዋጋ አወጣ።

ትራክተሩ የመጣው በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ነው። እንግሊዞች ለሠራዊታቸው እህል ሲያንሳቸው በ1944 ገደማ በገዳሪፍ አካባቢ፣ ገደምበሊያ በሚባለው ቦታ በትራክተር ማሳረስ ጀመሩ። መንግሥት ራሱ ሲያርስ አልተዋጣለትም፤ በ1950ዎቹ መሬቱን ለግለሰቦች አከፋፈለ። ለአንድ ሰው የሚደርሰው ብዙ ጊዜ 1,000 ፈዳን ነበር፤ በእኛ አገር ልክ አሥር ጋሻ ያህል ማለት ነው። በ1968 የሜካናይዝድ እርሻ ኮርፖሬሽን ተቋቋመ፤ የዓለም ባንክም ብድር ሰጠ።

እዚህ ላይ ብዙ ሰው የሚስተው ነገር አለ። ትራክተር ያርሳል፣ ይዘራል፤ አያርምም፣ አያጭድም። በበሬ የሚያርስ ገበሬ የሚያርሰው ከነቤተሰቡ ማረምና ማጨድ የሚችለውን ያህል ብቻ ነው። ባለ ትራክተሩ ግን በጥቂት ሰው አሥር ጋሻ ዘርቶ፣ አረሙ ሲነሣ መቶ ሰው ይፈልጋል። ስለዚህ ማሽኑ ሠራተኛ ይቀንሳል ሲባል ሠራተኛ አበዛ። በተለይ ሰሊጥ ያለ እጅ አይሆንም። ሲደርስ ዛላው ስለሚፈነዳና ፍሬው ስለሚረግፍ፣ ከመፈንዳቱ ቀደም ብሎ በእጅ ታጭዶ፣ ታስሮ፣ ሂላ ሆኖ ቆሞ መድረቅ አለበት። ጥቂት ቀን የዘገየ ሰው የሚያጭደው ገለባ ነው። ባለ እርሻው በዚያ ሰሞን ከመተማ የሚመጣውን ሠራተኛ ዓይን ዓይኑን የሚያየው ለዚህ ነው።

በእኛም በኩል ሁመራ ላይ በ1960ዎቹ እንዲሁ ሆነ። ትራክተር ገባ፣ ሰሊጥ ሰፋ፣ ከጎንደርና ከትግራይ ደጋ የጉልበት ሠራተኛ ወረደ። በማርች 1975 የገጠር መሬት ሲወረስና ጦርነቱ ሲከተል ግን ባለ እርሻውም ሠራተኛውም ድንበር ተሻገረ። ከማኅበራችን ሽማግሌዎች ጥቂቶቹ በዚያ መንገድ የመጡ ናቸው። የሚያውቁትን ሥራ ፈልገው ገዳሪፍ አገኙት።

ሊቃውንቱም በዚያን ዘመን አልተኙም። በ1957 ሮበርት ሶሎው የተባለ አሜሪካዊ የአገሩን የአርባ ዓመት ሒሳብ አገላብጦ፣ አንድ ሠራተኛ በሰዓት የሚያመርተው ሊያድግ የቻለው ከስምንት እጅ ሰባቱ በዘዴና በዕውቀት መሻሻል እንጂ በካፒታል መጨመር እንዳልሆነ አሳየ። በድሃ አገሮች ግን ነገሩ ማሽን ግዙ ወደሚል ምክር ተተረጎመ፤ እኛ እንደሚመስለን ዕውቀት የሚለው ቃል መንገድ ላይ ቀረ። በ1970ዎቹ ሱዳን የዓረብ አገሮች የዳቦ ቅርጫት ትሆናለች ሲባል ትልልቅ ሥራዎች ተጀመሩ።

የራሃድ እርሻ ከእነዚያ አንዱ ነው፤ ፋውም ከተማ የሆነችው የእርሱ ዋና መሥሪያ ቤት በመሆኗ ነው። ከዓለም ባንክ፣ ከኩዌትና ከአሜሪካ በተገኘ ገንዘብ ተሠርቶ በ1977 ሥራ ጀመረ፤ ስፋቱ 300,000 ፈዳን ነው። ሜና ላይ በኤሌክትሪክ የሚሠሩ ፓምፖች የዓባይን ውኃ ይስባሉ፤ ውኃው ሰማንያ ኪሎ ሜትር ገደማ በቦይ ተጉዞ፣ የዲንደርን ወንዝ ከሥሩ አልፎ፣ ራሃድ ይደርሳል። ራሃድ ማለት በአገራችን ሽንፋ የምንለው ወንዝ ነው። ለአንድ ገበሬ 22 ፈዳን ደረሰው፤ ግማሹ ለጥጥ፣ ግማሹ ለኦቾሎኒ። ጥጥ የሚለቅም ማሽንም ታስቦ ነበር፤ ዞሮ ዞሮ ግን የለቀመው እጅ ነው።

በ1985 መጀመሪያ በወድ ኮውሊ ሰፍረው የነበሩ ስደተኞች ውኃ ሲያልቅባቸው ብዙዎቹ ወደ ፋው የተወሰዱት በዚሁ ቦይ ምክንያት ነው። ለጥጥ የተሳበው ውኃ ተጣርቶ ለሰው ሆነ። ይህን ያቀደ መሐንዲስ አልነበረም። በዚያው ዓመት ብዙ ሰው ወደ ትግራይ ተመለሰ፤ የቀረው ለቀማውን ተቀላቀለ።

እዚህ ላይ አንድ የአገራችንን ሰው ማንሣት አለብን፤ ነጋድራስ ገብረ ሕይወት ባይከዳኝን። በ1886 በአድዋ ተወልደው፣ በልጅነታቸው ከምፅዋ በመርከብ ወደ አውሮፓ ሄደው፣ በጀርመን አገር ተማሩ። ወደ ሱዳን ተሰደውም ኖረዋል። ኋላ የድሬዳዋ ጉምሩክ ኃላፊ ሆኑ። በ1919 ከሞቱ በኋላ፣ በ1924 የታተመው «መንግሥትና የሕዝብ አስተዳደር» የተባለው መጽሐፋቸው ትራክተር እዚህ ከመድረሱ ሃያ ዓመት የቀደመ ነው። የሐሳባቸው ፍሬ ነገር፣ የሕዝብ ሀብት ከድካምና ከዕውቀት ይመጣል፤ መሣሪያ ያለው ሕዝብ በጥቂት ድካም የሠራውን፣ መሣሪያ የሌለው ብዙ ደክሞ ባመረተው ጥሬ ዕቃ ይለውጣል፤ በዚህ ንግድ ሁልጊዜ የሚከስረው ሁለተኛው ነው የሚል ነው። ትራክተር ይኑር አይኑር ብቻ ሳይሆን፣ የማን ነው፣ የሚጠግነውስ ማን ነው ብለን እንድንጠይቅ ያስተማሩን እርሳቸው ናቸው።

የገዳሪፍን እርሻ በዚህ ዓይን ስናየው ብዙው ነገር ይገለጥልናል። ባለ ትራክተሩ በየዓመቱ ማሽላ በማሽላ ላይ እየዘራ፣ መሬቱ ሲደክም ወደ ሌላ ጫካ አለፈ። ግራሩ ተመነጠረ፤ አቀንጭራ በዛ። (ሱዳኖች አቀንጭራን «ቡዳ» ይሉታል፤ ለእኛ ሰው ማብራሪያ አያስፈልገውም።) ራሃድም እንደ ድሮው አይደለም፤ ቦዩን ደለል ይሞላዋል፣ ፓምፑ አርጅቷል፣ ጥጡ ቀንሷል። አጭር ማሽላ የሚያጭድ ኮምባይነርና ጸረ አረም መድኃኒት በገቡበት እርሻ ለአረም የሚጠራው ሰው ያንሳል። ሪካርዶ የፈራው ነገር ሁለት መቶ ዓመት ዘግይቶ እዚህ መድረሱ ነው። ሰሊጡ ገና በእጅ ነው፤ ሆኖም ዛላው የማይፈነዳ ዘር ለማስፋፋት ብዙ ተመራማሪዎች ይደክማሉ። ከልጆቻችን ውስጥ ሞተር መፍታትና መግጠም የሚያውቁት ስንት ናቸው? እኛ ስንቆጥር ጣታችን ተርፎናል።

በእኛ እጅ የገባ አንድ መሣሪያ ቢኖር ሞባይል ነው። ቀድሞ ሠራተኛው የቀን ዋጋውን የሚሰማው ከደላላው ነበር፤ አሁን መተማ ሳለ ደውሎ ጠይቆ ይነሣል። በኤፕሪል 2023 ጦርነቱ ከጀመረ ወዲህ ጥሬ ገንዘብ ሲጠፋ ስኳርና ዱቄት እንኳ በስልክ በሚላክ የባንክ ገንዘብ መሸጥ ያዝን። በዲሴምበር 2024 ደግሞ የብር ኖት ሲለወጥ ያለ ባንክ ሒሳብ መኖር የባሰ ከበደ። ነገር ግን ሒሳብ ለመክፈት መታወቂያ ያስፈልጋል። መታወቂያ የሌለው ወገናችን በሌላ ሰው ሒሳብ እያስላከ፣ ከደሞዙ ቆርሶ ይከፍላል። መሣሪያው የማን ነው የሚለው ጥያቄ በስልክም አልቀረልንም።

በፌብሩዋሪ 2024 በአገሩ ኔትወርክ ሲጠፋ ደግሞ ባለ ሒሳቡም እንደ ሌለው ሆነ። በሳተላይት የሚሠራ ኢንተርኔት ያለበት ቤት ሰው በሰዓት እየከፈለ ይሰለፍ ነበር። እኛም ወደ ቀድሞው ተመልሰን የዱቤ መዝገብ አወጣን። መዝገቡ አሁንም ሣጥን ውስጥ አለ። የአብዛኛው ሰው ስም ተሰርዟል፤ ያልተሰረዙት ለሰሊጥ አጨዳ መጥተው እዚሁ የቀሩና በኋላ ወደ ሌላ አገር ያለፉ ልጆች ናቸው።