በጎርፍ የመጡ ላሞች

ተረት ተረት ስል የላም በረት በሉኝ፤ ዛሬ እውነትም ላም አለበት። የምነግራችሁ ነገር አልሆነም። አገሩ ግን አለ፤ ወረታ ነው፣ ፎገራ ነው። ጎርፉም አለ።

መጀመሪያ ስለ ውኃው ልንገራችሁ። ርብም ጉማራም የሚነሡት ከጉና ተራራ ነው። ክረምት ሲገባ የጉናን አፈር አዝለው ይወርዱና ሜዳው ላይ ሲደርሱ ጉልበታቸው ይከዳቸዋል፤ ያዘሉትን እዚያው ያራግፋሉ። አፈሩ ዓመት በዓመት ሲከመር የወንዙ ወለል ከፍ ይላል፤ ያን ጊዜ ወንዙ ዳሩን ጥሶ ማሳ ለማሳ ይሄዳል። ከወዲያ ደግሞ ጣና ሞልቶ ይገፋል። ጣና ሲመለስ የሚገለጠውን መሬት የአገሩ ሰው «ባሕር ሽሽ» ይለዋል፤ ወዲያው ያርሰዋል። ውኃው ልክ የሚያልፍበትም ጊዜ አለ። በ1998 ክረምትም፣ በ2012 ክረምትም ስንቱ ቤቱን ጥሎ ወጥቷል።

በእኔ ተረት ግን ጎርፉ አንድ ነሐሴ ሌሊት ሊወስድ ሳይሆን ሊመልስ መጣ። ያለፈ ዘመን ይዞ መጣ።

ያለፈ ዘመን ሲባል ሰው የሚጠብቀው ጦር ነው። ቢጠብቅም አይፈረድበትም። ኢማም አሕመድ በ1535 ዓ.ም. የወደቀው ከጣና በስተ ምሥራቅ፣ ወይና ደጋ ላይ ነው። በ1624 ዓ.ም. አፄ ሱስንዮስ ከላስታ የመጣውን መልክአ ክርስቶስን ድል ነሥተው፣ የወደቀው ሁሉ የገዛ ሕዝባቸው መሆኑ አንገብግቧቸው የቀድሞውን ሃይማኖት የመለሱትም በዚሁ አካባቢ ከተደረገ ውጊያ በኋላ ነው። እንግዲህ ነጋሪት ቢሰማ ማን ይገረማል? ነጋሪት ግን የለም። ከጎርፉ ውስጥ የተሰማው «እምቧ» የሚል ድምፅ ነው።

ጅግና አጠገብ የሩዝ ማሳ ያላት አንዲት ሴት ጎህ ሲቀድ ወጣች። ሩዟ ገና አረንጓዴ ነው፤ ጉልበት ያልፋል። መካከሉ ላይ መንጋ ቆሟል፤ ነጭና ጥቁር ዥንጉርጉር፣ ቀንዳቸው አጭር፣ የአንገታቸው ቆዳ እስከ ጉልበታቸው የተንዠረገገ። አንዷ ላም ሩዙን በምላሷ ትጠቀልልና ከሥሩ ትነጨዋለች፤ አፏ ጥግ ላይ ጭቃ ከነሥሩ ይንጠለጠላል። ከኋላዋ ጋቢ የለበሰ ጎረምሳ ዱላውን ትከሻው ላይ አጋድሞ ቆሟል።

«አንተ ልጅ! ከብትህን አታወጣም?»

«ወዴት ላውጣው እሜቴ? ይህ እኮ የወል ግጦሽ ነው።»

«ሩዝ ነው! አታይም?»

ልጁ ጎንበስ ብሎ አንድ ቅጠል በጠሰ። «ይህንስ እናውቀዋለን፤ ረግረጉ ላይ ይበቅላል። ላም ትወደዋለች። ሰው ደግሞ ሣር መዝራት ጀመረ?»

እዚህ ላይ ልጁ አልዋሸም። የዱር ሩዝ ፎገራ ረግረግ ላይ ድሮም ነበር። በ1970ዎቹ፣ በደርግ ዘመን፣ የሰሜን ኮሪያ ባለሙያዎች መጥተው በጅግናና በሻጋ የገበሬ ማኅበራት ሩዝ ያስጀመሩት፣ ውኃ የሚተኛበት ይህ መሬት ለሩዝ የተመቸ መሆኑ ስለታየ ነው። ዛሬ ሰዉ «ነጭ ወርቅ» ይለዋል። ከጤፍ ጋር ተደባልቆ እንጀራ ይሆናል፣ ጠላ ይሆናል። ወረታም የብሔራዊ ሩዝ ምርምርና ሥልጠና ማዕከል መቀመጫ ሆናለች። ላሟ የሄደችበትን የጠየቀ ግን እምብዛም ነው።

ሴትየዋ የማን ልጅ እንደሆነ ጠየቀችው። ስሙን ከነአባቱ ነገራት። የመሬት ይዞታ ደብተሯ ላይ፣ ከስሟና ካባቷ ስም ቀጥሎ የተጻፈው ስም ነው። አፏን በነጠላዋ ያዘች።

«አያቴ! እርስዎ ነዎት?»

ጎረምሳው ዞር ብሎ ከኋላው ሽማግሌ ፈለገ።

ከዚያ ማሳው ዳር ተቀምጠው ተጨዋወቱ። ሩዙ ኅዳርና ታኅሣሥ ሲታጨድ ከብቱ ቃርሚያው ላይ ይግባ እንደሆነ ጠየቃት። አይገባም አለች፤ እርጥበቱ ሳያልፍ ጓያ ይዘራበታል፤ ፓምፕ ያለው ደግሞ ሽንኩርት ያለማበታል።

«ታዲያ መሬቱ መቼ ያርፋል? ላሟስ ምን ትብላ?»

«ገለባ ይገዛላታል።»

«ሣር ይገዛል?» ብሎ እስኪያነባ ሳቀ።

እሷም ብልህ ናት፤ ዓይኗ አንዲት ጊደር ላይ ነበር። ያልተዳቀለ የፎገራ ዘር ዛሬ እንደ ልብ አይገኝም፤ አንዳሳ የምርምር ማዕከል ነው መንጋ ይዞ ዘሩን የሚጠብቀው። «መቶ ሺህ ብር ልስጥዎት፤ በሞባይል እልካለሁ» አለች። ጎረምሳው ከመቀመጫው ተነሣ። በመቶ ሺህ ብርማ ከብቱን ከነሜዳው፣ ባላባቱንም ጨምሮ ይገዛል። የልጅ ልጁ ጤና አሳሰበው መሰለኝ፣ ከብቱን እየነዳ ወደ ውኃው ተመለሰ።

ጎርፉ ጎደለ። የተበላው ሩዝ ግን እንደተበላ ቀረ። ያየ ጎረቤት አለ፣ የላም ኮቴ አለ፣ እበትም አለ። ሴትየዋም ካሳ ይገባኛል ብላ ቀበሌው ማኅበራዊ ፍርድ ቤት ሄደች።

«የተከሳሽ ሙሉ ስም?» አለ ጸሐፊው። ነገረችው።

«ዕድሜ?»

«አሥራ አምስት ቢሆነው ነው።»

«ከከሳሽ ጋር ዝምድና አለው?»

«አያቴ ነው።»

ጸሐፊው እስክሪብቶውን አስቀመጠ፤ ቆይቶ መልሶ አነሣው። ዳኞቹ ተንሾካሾኩ። አንደኛው በልጅነቱ ከብት ጠባቂ የነበረ ነው፤ ክሱ ይዘጋ ቢባል እሱ እምቢ አለ። መጨረሻ ላይ፣ ተከሳሹ በአድራሻው ስላልተገኘ ከሳሽ ይዛው እንድትቀርብ ታዘዘ። ቀጠሮው ለመጪው ነሐሴ ተሰጠ፤ ርብ ከሞላ።