«የመጀመሪያው» ማን ነበር? ፍሪትዝ ፖላርድ በአሜሪካ እግር ኳስ ታሪክ

እ.ኤ.አ. በጥቅምት ወር 1989 የሎስ አንጀለስ ሬይደርስ ቡድን የቀድሞ ተጫዋቹን አርት ሼልን ዋና አሠልጣኝ አድርጎ በሾመ ጊዜ፣ ሹመቱ «በዘመናዊው የሊግ ታሪክ የመጀመሪያው ጥቁር አሠልጣኝ» በሚል ተመዘገበ። (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።) በትርጉም ሥራ ለኖረ ሰው በዚህ ሐረግ ውስጥ ዐይን የምትይዘው ቃል «ዘመናዊ» የምትለዋ ናት። እርሷን ብናነሣት ሐረጉ ሐሰት ይሆናል። ከሼል 68 ዓመታት ቀደም ብሎ፣ በ1921፣ ፍሪትዝ ፖላርድ የተባለ ጥቁር በዚያው ሊግ ውስጥ አሠልጣኝ ሆኖ ነበርና።

ፖላርድ በ1894 በቺካጎ ተወለደ። ክብደቱ 75 ኪሎ ግድም የሚደርስ፣ ቁመቱም ያልረዘመ ሰው ነበር። የአሜሪካ እግር ኳስ ደግሞ፣ ስሙ እንዳያሳስተን፣ ሞላላውን ኳስ በብብት ይዞ መሮጥንና ሯጩን ተላትሞ መጣልን የሚጠይቅ የግዙፋን ጨዋታ ነው። እርሱ ግን በፍጥነቱና በማምለጥ ችሎታው ታወቀ። የብራውን ዩኒቨርሲቲ ተማሪ ሳለ፣ በጥር 1916፣ ካሊፎርኒያ ውስጥ በሚካሄደው የሮዝ ቦውል ግጥሚያ የተሰለፈ የመጀመሪያው ጥቁር ተጫዋች ሆነ።

ከአንደኛው የዓለም ጦርነት በኋላ የጎማ ፋብሪካዎች መዲና ወደነበረችው ወደ አክረን፣ ኦሃዮ ሄደ። ዛሬ ኤን.ኤፍ.ኤል. የሚባለው ሊግ በ1920 ሲቋቋም የከተማይቱ ቡድን አክረን ፕሮስ ከመሥራቾቹ አንዱ ነበር፤ በዚያው ዓመትም አንድም ጊዜ ሳይሸነፍ ሻምፒዮን ሆነ። ድሉ ለፖላርድ ክብር አላመጣለትም። ፖላርድ ኋላ እንደተናገረው ልብሱን የሚለብሰው ከጓደኞቹ ተለይቶ፣ በቡድኑ ባለቤት የሲጋራ ፋብሪካ ውስጥ ነበር፤ ጨዋታው ሊጀመር ሲል መኪና ተልኮለት ወደ ሜዳ ይመጣል። ከደቡብ ለሥራ የመጡ ነጮች በበዙባት በዚያች ከተማ የገዛ ቡድኑ ተመልካቾች ይሰድቡት ነበር። ሲጣል ተጋጣሚዎቹ እንዳይከመሩበት በጀርባው ተገልብጦ እግሮቹን ወደ ላይ ያወራጭ ነበር፤ የጫማውን ጥርሶች ደፍሮ የሚጠጋ አልነበረምና።

በ1921 ከአንድ ነጭ ባልደረባው ጋር አሠልጣኝነቱን ተጋርቶ ያዘ። የዚያ ዘመን አሠልጣኝ እንደ ዛሬው የረዳቶች ሠራዊት አይከተለውም፤ ስልቱን ይነድፋል፣ ራሱም ሜዳ ገብቶ ይጫወታል። ፖላርድ ኋላ በዘፋኝነቱና በተዋናይነቱ ዓለም ያወቀውን ፖል ሮብሰንን ወደ አክረን አመጣው፤ በተከታዩ ዓመትም ሚልዋኪ ውስጥ አብረው ተጫወቱ። ከ1926 በኋላ ፖላርድ ወደ ሊጉ አልተመለሰም። ከ1934 እስከ 1945 ደግሞ በሊጉ አንድም ጥቁር ተጫዋች አልነበረም። ጥቁሮችን የሚያግድ የተጻፈ ሕግ አልነበረም፤ ክፋቱም እዚህ ላይ ነው። ያልተጻፈውን ማን ይሽረዋል?

እርሱ ግን ማሠልጠኑን አልተወም። በ1928 በቺካጎ ጥቁር ተጫዋቾችን ያሰባሰበ ቡድን አቋቋመ፤ በ1935 ደግሞ የኒው ዮርኩን ብራውን ቦምበርስ ማሠልጠን ጀመረ። የቡድኑ ስም የቦክሰኛው የጆ ሉዊስ ቅጽል ስም ነው። ያ ዓመት እኛንም የሚነካ ነው፤ በሰኔ ወር ሉዊስ ጣሊያናዊውን ፕሪሞ ካርኔራን ሲዘርር፣ ሙሶሊኒ ኢትዮጵያን ሊወርር እየተዘጋጀ ነበርና የሃርለም ጥቁሮች ግጥሚያውን ከኢትዮጵያ ጉዳይ ለይተው አላዩትም።

ፖላርድ በ1986፣ በ92 ዓመቱ አረፈ፤ የሼልን ሹመት ሳያይ። በ2003 ሊጉ ዋና አሠልጣኝ የሚፈልግ ቡድን ሁሉ ቢያንስ አንድ ነጭ ያልሆነ ዕጩ እንዲያነጋግር ደነገገ፤ በዚያው ዓመት ለዚሁ ጉዳይ የሚሟገት ማኅበር በፖላርድ ስም ተመሠረተ። በ2005 ስሙ ሊጉ በተወለደባት ከተማ በካንተን በሚገኘው የሙያተኞች የክብር አዳራሽ ሰፈረ። አዳራሹ የተከፈተው በ1963 ነው፤ ፖላርድ ከዚያ በኋላ 23 ዓመት በሕይወት ኖሯል።