አባታችን ከኮሪያ ያመጡት ወሬ



በመድረሳ ሳለን አንድ ወሬ ይዘን ስንሄድ ኡስታዛችን አስቀድመው የሚጠይቁን «ከማን ሰማኸው?» ብለው ነበር። የአገር ታሪክም በዚሁ ልማድ ቢያዝ መልካም ነው እላለሁ። ስለዚህ በልጅነቴ በመስጊዳችን ግቢ፣ ከዐስር ሶላት በኋላ፣ ከአንድ አባት አፍ የሰማሁትን ላቅርብላችሁ።

እኒህ አባት የቃኘው ሻለቃ ወታደር ነበሩ። ሻለቃው ከክቡር ዘበኛ ተውጣጥቶ፣ በራስ መኮንን የፈረስ ስም ተሰይሞ፣ በሚያዝያ 1943 ዓ.ም. ኮሪያ፣ ፑሳን ወደብ ደረሰ። የተኩስ አቁሙ ስምምነት ሐምሌ 20 ቀን 1945 ዓ.ም. እስኪፈረም ሦስት ሻለቃዎች ተፈራርቀው ዘመቱ። ከ120 በላይ ወንድሞቻችን ሞቱ፤ ከ500 በላይ ቆሰሉ፤ የተማረከ ግን አንድም የለም። ይህን ያህሉን ከመጻሕፍትም ታገኙታላችሁ።

ከመጻሕፍት የማታገኙት የሚከተለውን ነው። «የመጀመሪያው ረመዳን የገባብን ገና ልምምድ ላይ ሳለን ነው፤ ፀሐይዋ አልጠልቅ እያለች አስቸገረችን» ይሉን ነበር። እኔ፣ አላህ ይቅር ይበለኝና፣ የሽማግሌ ጨዋታ መስሎኝ ነበር። አድጌ ስቆጥረው ግን የ1370 ሂጅራ ረመዳን የገባው በግንቦት 1943 ዓ.ም. መጨረሻ ላይ ነው፤ ሻለቃው ግንባር የተሰለፈው ደግሞ በነሐሴ ነው። በዚያ አገር የሰኔ ቀን ከእኛው እጅግ ይረዝማል። እርሳቸው አልተሳሳቱም።

«እንዴት አንድ ሰው እንኳ ሳይማረክ ቀረ?» ብዬ ብጠይቃቸው፣ «ልጄ፣ የቆሰለውንም የሞተውንም ጥለን አንመለስማ» አሉኝ። አንድ ሌሊት ለቅኝት ወጥተው አብሯቸው የሚበላ አንድ ክርስቲያን ጓደኛቸው ወደቀ። ብርዱ እጅን ከጠመንጃ ብረት ጋር የሚያጣብቅ ነበር። ለሁለት ተሸክመውት ቁልቁለቱን ሲወርዱ እየወደቁ እየተነሡ ነጋባቸው። ወሬው ሁልጊዜ እዚህ ላይ ሲደርስ ዝም ይላሉ፤ እኛም ጫማችንን እያየን ዝም እንላለን።

በደርግ ዘመን ይህን ማውራት አይቻልም ነበር። መንግሥቱ ከሰሜን ኮሪያ ጋር ስለተወዳጀ፣ ሜዳሊያቸውን በጨርቅ ጠቅልለው ጎታ ውስጥ ከእህል ጋር ቀበሩት። ያወጡት ከ1983 ዓ.ም. በኋላ ነው፤ ያን ጊዜም የጨርቁ ቀለም ከሪባኑ ላይ ተላልፎ ነበር። ለልጆቻቸው እንኳ የነገሯቸው ያኔ ነው። እንግዲህ በዚያ ሁሉ ዓመት ዝም እንዳሉ የሞቱ ስንት ናቸው?

እኔም ደብተር ይዤ እጽፍ ነበር። የጻፍሁት ግን የልጅ ነገር ነው፤ የጥይት ቁጥር፣ የመርከቡ ትልቅነት፣ የበረዶው ውፍረት። በቅርቡ ለዚህ መጽሔት ብዬ ደብተሩን ስገልጥ የዚያን የተሸከሙትን ጓደኛ ስም አጣሁት። ያን ጊዜ አልጠየቅኋቸውም፤ ዛሬ እርሳቸው ወደ አኼራ ሄደዋል። ከእናንተ መካከል እቤታቸው ቡና ሲጠጣ ስሙን የሰማ ካለ፣ እባካችሁ ለኮሚቴው ይንገርልን።